ክለባችንን ከየት ሆነን እንየው?

ለተከበራችሁ የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግን የስርጭት መብት ለምትሸጡ፣ ለምትገዙና የአገሪቱን ስርጭት ለምትቆጣጠሩ ኃላፊዎች

ጉዳዩ፦ የአገራችን የእግር ኳስ ጨዋታዎች በነጻ ጣቢያ የማይታዩበትን ሁኔታ ይመለከታል

ከሆሳዕና ሰላምታችን ይድረሳችሁ።

ይህን ደብዳቤ ያስጻፈን ባለፈው ሰሞን የገጠመን ነገር ነው። የከተማችን ክለብ ይጫወት ስለነበር 17 ሆነን አንድ ዲኤስቲቪ ቤት ገባን። መግቢያ ከፍለን አግዳሚው ላይ ተደርድረን ተቀመጥን። የመጀመሪያው አጋማሽ ያለ ጎል አለቀ። ከእረፍት መልስ ጨዋታው ገና መጋል ሲጀምር የቤቱ ባለቤት ሪሞቱን አነሣና ወደ እንግሊዝ ቀየረው። ደጅ ላይ የአርሰናል ደጋፊ እስከ መንገዱ ድረስ ተሰልፎ ነበር። ሰውየው ጨዋ ነው፤ ከኪሱ አውጥቶ ለእያንዳንዳችን የከፈልነውን መለሰልን፤ «ይቅርታ፣ የቤት ኪራይ አለብኝ» አለን። አልተቀየምነውም። ለ17 ሰው ብሎ 200 ሰው ደጅ ላይ የሚያስቀር ነጋዴ የለም። ክለባችን ያገባውን ጎል የሰማነው ግን ሜዳው ካለበት ከተማ ጭነት ሊያወርድ ሄዶ የነበረ አንድ የሠፈራችን ሹፌር ደውሎ ሲነግረን ነው። በ2017 ዓ.ም. ጎል በስልክ ይነገረናል።

የሊጉ የአምስት ዓመት የስርጭት ውል ዘመኑ በዚህ በ2017 ዓ.ም. እየሞላ ነው። ቀጥሎ የሚፈረመው ወረቀት ላይ ምን እንደሚጻፍ የጠየቀን የለም፤ እኛ ግን ሳንጠየቅም የምንለው አለን። ከሊጉ ጨዋታዎች ለማይከፍለው ተመልካች የሚቆረጥ ድርሻ ይኑር፤ ያም ድርሻ የትና መቼ እንደሚታይ አስቀድሞ ይነገረን። ሌላው ሁሉ የዚህ ማብራሪያ ነው።

ጨዋታው በነጻ ጣቢያ የማይታይበትን ምክንያት ሳናውቅ አይደለም የምንጽፈው። በ2013 ውድድር ዘመን የሊጉ የስርጭት መብት ለዲኤስቲቪ እናት ኩባንያ ለመልቲቾይስ ለአምስት ዓመት ተሸጠ፤ በወቅቱ በይፋ የተነገረው ዋጋ 22.5 ሚሊዮን ዶላር ነበር። ከዚያ በፊት ሊጋችን ከስርጭት ይህን የሚያህል ገንዘብ አይቶ አያውቅም። ምስሉም ተሻሻለ፤ ካሜራው በዛ፤ ሱፐርስፖርት ልዩ የሚባል ቻናል መጥቶ በአማርኛ የሚተነትኑ ልጆች ሥራ አገኙ። ይህን አንክድም። ገዢው የከፈለው ደግሞ ሌላው ጣቢያ እንዳያሳይ ጭምር ነው። ላም የገዛ ሰው ወተቱን ለጎረቤት በነጻ እየቀዳ አይኖርም። ስለዚህ ነጻው ጣቢያ በጨዋታው ሰዓት ሙዚቃ ቢያሰማ ወይም ስብሰባ ቢያሳይ ጥፋቱ የጣቢያው ብቻ አይደለም፤ መብቱ በእጁ የለም።

ለውጭ ውድድሮች ደግሞ ሌላ ምክንያት ይጨመርበታል። የዓለም ዋንጫን ወይም የአፍሪካ ዋንጫን የሚያህል ውድድር በየአገሩ ተቆራርሶ ነው የሚሸጠው። የሳተላይት ጨረር ግን ድንበር አያውቅም። የአገራችን ጣቢያዎች የሚተላለፉበት ኢትዮሳት በምሥራቅ 57 ዲግሪ ላይ ካለ ሳተላይት የሚወርድ ነው፤ እኛ ቤት የገባው ምስል ጎረቤት አገርም ይገባል። ጎረቤት አገር ያለው ገዢ «እኔ የከፈልኩበትን ከኢትዮጵያ ጣቢያ በነጻ አዩብኝ» እንዳይል ሻጩ ወይ ምስሉን በኮድ ዝጉ፣ ወይ በምድር አንቴና ብቻ አሳዩ ይላል። ከናይልሳት ወደ ኢትዮሳት ስንዞር በየቤታችን ዲሽ ሠሪ ጠርተን፣ ከፍለን፣ ጣሪያ ላይ ወጥተን አዙረናል። ያኔ ዲሹ ከዞረ ኳሱም አብሮ የሚመጣ የመሰለው ብዙ ሰው ነበር።

ይህ የጨረር ነገር ግን ለራሳችን ሊግ ምክንያት አይሆንም። የሊጉ መብት ባለቤት እንደ ፊፋ ዙሪክ ወይም እንደ አፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን (ካፍ) ካይሮ አይደለም ያለው፤ እዚሁ አዲስ አበባ ነው። ጨረሩ ጅቡቲ ቢደርስ የሚከፋው ባለቤት ራሱ እናንተ ናችሁ፤ እናንተ ካልከፋችሁ ሌላ የሚከፋው የለም። ጅቡቲ ያለ ኢትዮጵያዊስ ቢያየው ምን አለ?

አሁን ወደ አቤቱታችን እንግባ።

መጀመሪያ የምናነሣው የሜዳውን ጉዳይ ነው፤ ከሁሉ የሚያንገበግበን እሱ ስለሆነ። ድሮ ቴሌቪዥን ባያሳይህ ስታዲየም ትገባ ነበር። ከ2013 ወዲህ ግን ሊጉ ሁሉንም ክለቦች በአንድ ከተማ ሰብስቦ እየተዘዋወረ ነው የሚጫወተው። በዚያ ዓመት አዲስ አበባ፣ ጅማ፣ ባሕር ዳር፣ ድሬዳዋና ሀዋሳ አዘጋጁ። ሆሳዕና አልነበረችበትም። የተጀመረው በኮሮና ምክንያት ነው፤ ኮሮናው ሄደ፣ አሠራሩ ግን እንዳለ ቆየ። ካሜራና መኪና ከከተማ ከተማ ማመላለስ ውድ መሆኑ ይገባናል። ግን ውጤቱን ተመልከቱት፦ የሆሳዕና ሰው የሆሳዕናን ክለብ ሆሳዕና ላይ አያየውም። ሀዋሳ ሲሆን የቻልን ሚኒባስ ተኮናትረን እንሄዳለን። ድሬዳዋ ሲሆን መንገድ ላይ አድሮ፣ አውቶቡስ ቀይሮ፣ አልጋ ይዞ የሚሄድ ደጋፊ ስንት ነው? ከእኔ ጋር ከሚሠሩ መምህራን መካከል አንድ ሰው ብቻ ሞክሯል፤ እሱም ላጤ ነው። የሶዶም የአርባ ምንጭም ደጋፊ ይህንኑ ይነግራችኋል። ስታዲየሙን ወስዳችሁ ቴሌቪዥኑን ብትተዉልን አንድ ነገር ነው። ሁለቱ አንድ ላይ ሲወሰዱ ግን ደጋፊነታችን በወሬ ብቻ ሆነ።

በብሔራዊ ቡድኑም ያየነው ይኸው ነው። መስከረም 29 ቀን 2014 ዋልያዎቹ ባሕር ዳር ላይ በደቡብ አፍሪካ 3 ለ 1 ሲሸነፉ ቢያንስ ሕዝቡ ቆሞ አይቷል። ከዚያ በኋላ ስታዲየሞቻችን የካፍን መስፈርት አላሟሉም ተብሎ «የሜዳችን» ጨዋታ ሰው አገር ሄደ። ጋናን ያስተናገድነው ደቡብ አፍሪካ፣ ኦርላንዶ ስታዲየም ነው። ግብፅን ሰኔ 2 ቀን 2014 በዳዋ ሆቴሳና በሽመልስ በቀለ ጎሎች 2 ለ 0 የረታነው ማላዊ፣ ሊሎንግዌ ነው። ግብፅን ማሸነፍ ለዚህ አገር ሰው ምን ማለት እንደሆነ ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም። እንዲህ ባለ ጊዜ ቴሌቪዥን ቅንጦት አይደለም፤ ኢትዮጵያዊው ወደ ገዛ ሜዳው የሚገባበት በር እሱ ብቻ ነው። የእነዚህ የማጣሪያ ጨዋታዎች መብት በእናንተ እጅ አለመሆኑን እናውቃለን። ሆኖም ጨዋታው ሊጀመር ሰዓታት ሲቀሩት «ይታያል፣ አይታይም» እየተባለ የሚናፈሰው ወሬ ከውጭ የመጣ አይደለም። ያንን ማጥራት የሚችል መሥሪያ ቤት እዚሁ አለ።

አንድ ጊዜ ልጆቼ በ1954 የአፍሪካ ዋንጫን ስናነሣ በቴሌቪዥን ታይቶ ነበር ወይ ብለው ጠየቁኝ። አልታየም፤ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ነው። ሉቺያኖ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ ግብፅን 4 ለ 2 ሲያሸንፉ ስታዲየም ያልገባ ሰው ከሬዲዮና ከወሬ በቀር ምንም አልነበረውም። ከዚያ በኋላ የመጣው ትውልድ ደግሞ በስፖርት ጋዜጠኛው በደምሴ ዳምጤ የሬዲዮ ድምፅ ኳስ «እያየ» አደገ። ልጄ ይህን ሰምቶ «ታዲያ እኛስ ከነሱ በምን ተለየን?» አለኝ። መልስ አልሰጠሁትም።

ሁለተኛው ነገር «ዲኤስቲቪ ቤት አለላችሁ አይደል?» የሚለው መልስ ነው። ይህን መልስ ከአንድ ኃላፊ አንደበት በጆሮዬ ስለሰማሁት እመልስበታለሁ። ዲኤስቲቪ ቤት የወጣት ወንድ ቤት ነው። ጫት አለ፤ ጭስ አለ፤ ስድብ አለ። ጎረቤታችን ያሉ አንዲት እናት የልጃቸው ልጅ በሊጉ ተጫዋች ነው፤ ገና ተቀያሪ ነው፣ ግን ይገባል። ሴትዮዋ ሰባ ዓመት አልፏቸዋል። የልጅ ልጃቸውን ለማየት እዚያ አግዳሚ ላይ ተጋፍተው ይቀመጡ ነው የምትሉት? እስከ ዛሬ ያዩት ሰው በስልክ ቀርጾ ያሳያቸውን የ40 ሴኮንድ ምስል ነው። «ይሄ ነው እንዴ? ፊቱ አይታይም እኮ» አሉ። አሥራ ሦስት ዓመት የሆናት ተማሪዬም ኳስ ትጫወታለች፤ ከጎረቤታችን ከዱራሜ ወጥታ ማልታ ድረስ ለቢርኪርካራ የተጫወተችውን ሎዛ አበራን ስም ከሒሳብ ቀመር በላይ ታውቀዋለች። የሴቶች ሊግ ጨዋታ የት እንደሚታይ ስትጠይቀኝ ግን የምነግራት አጣሁ። ዲኤስቲቪ ቤት ሂጂ አልላትም።

ቤቱ ገብተንም ቢሆን ምን እንደሚደርስ ከላይ ነግሬያችኋለሁ። የሊጋችን ጨዋታ ብዙ ጊዜ በሥራ ቀን ነው የሚውለው፤ መምህር ክፍል ውስጥ፣ ነጋዴ ሱቅ ውስጥ ባለበት ሰዓት። ቅዳሜና እሑድ ከዋለ ደግሞ ከእንግሊዝ ጋር ይጋጫል። መብራት የሄደ እንደሆነ ጄነሬተር የሚነሣው ለእንግሊዝ ብቻ ነው። በነገራችን ላይ እንግሊዞች ራሳቸው ቅዳሜ በእነሱ አቆጣጠር ከቀትር በኋላ 3 ሰዓት ላይ የሚጀመሩትን ጨዋታዎች በአገራቸው ቴሌቪዥን በቀጥታ አያዩም፤ ሰው ስታዲየም መግባት እንዳይተው ተብሎ ከ1960ዎቹ (እንደ ፈረንጆቹ) ጀምሮ የተከለከለ ነው። የሆሳዕና ልጅ ያንን ጨዋታ ያየዋል፤ የማንቸስተር ሰው አያየውም። የሆሳዕናን ጨዋታ ግን የሆሳዕና ልጅ አያየውም። ይህንን ተገላቢጦሽ ማን እንዳቀደው አላውቅም፤ ማንም ያቀደው አይመስለኝም። ማንም ሳያቅደው መቅረቱ ነው ችግሩ።

«ዲኮደር ግዙ» የሚለውም መልስ አለ። የዲኤስቲቪ ጥቅሎች «ጎጆ» እና «ቤተሰብ» የሚል ደስ የሚል ስም አላቸው። በየጎጆው ግን አልገቡም። ከመምህር ደመወዝ ላይ የቤት ኪራይ፣ የጤፍና የልጆች ወጪ ተቀንሶ የሚተርፈውን እናንተም ታውቁታላችሁ። የሚችል ይግዛ፤ እኛም የገዙትን ጎረቤቶቻችንን እናስቸግራለን፤ በአንድ ሳሎን ሃያ ሰው ሆነን ያየንበት ቀን አለ። የቤቱ እመቤት ቡና አፍልታ፣ ቆሎ አቅርባ፣ በሚቀጥለው ሳምንት ግን «ዛሬ እንግዳ አለብኝ» አለችን። እውነቷን ነው።

የከፈለውም ቢሆን እርግጠኛ አይደለም። በጥር 2016 አይቮሪ ኮስት ላይ የተደረገውን የአፍሪካ ዋንጫ መብቱን የቶጎው ኒው ወርልድ ቲቪ ስለገዛው ሱፐርስፖርት አላሳይም ብሎ አስታውቆ ነበር። ውድድሩ ሊጀመር ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ተስማሙና ታየ። ወርኃዊ ክፍያውን የሚከፍለው ሰው እስከዚያ ድረስ እንደ እኛ ነበር ማለት ነው።

ሦስተኛውን ነገር የምጽፈው እንደ ደጋፊ ሳይሆን እንደ መምህር ነው። ጨዋታውን በነጻ ያላየ ተማሪ ዝም ብሎ ቤቱ አይቀመጥም። በቴሌግራም «ላይቭ ሊንክ» የሚባል ይላክለታል። ይነካዋል፤ ሌላ ገጽ ይከፈታል፤ ከዚያ ሌላ፤ ፓኬጁ ያልቃል፤ ጨዋታው የለም። ወይም የአምናውን ጨዋታ ቀጥታ ነው ብለው ያሳዩታል። በዚህ የተሰላቸው ደግሞ ቤቲንግ ቤት ይገባል። እዚያ ውጤቱ በየደቂቃው ይነገራል፣ ወንበር አለ፣ መግቢያ አይከፈልም፤ ትኬት መቁረጥ ብቻ ነው። ሊጋችን ራሱ ለተወሰኑ ዓመታት የአንድ አወራራጅ ድርጅት ስም ይዞ «ቤትኪንግ ኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ» ተብሎ ሲጠራ ቆይቷል። ኳሱን እንዳያይ ተደርጎ በኳሱ ላይ እንዲያስይዝ የተጋበዘ ልጅ ነው ጠዋት ክፍል ውስጥ የሚያንቀላፋብኝ። አንዱን «ትላንት ጨዋታው እንዴት ነበር?» ብዬ ብጠይቀው «ኦቨር ገባልኝ» አለኝ፤ የጎሉ ብዛት ካስያዘበት ቁጥር በለጠ ማለቱ ነው። ማን እንዳገባ አያውቅም።

የመጨረሻው የገንዘብ ነገር ነው። አብዛኞቹ የሊጉ ክለቦች በከተማ አስተዳደርና በመንግሥት በጀት እንደሚተዳደሩ ለናንተ አልነግርም። ያ በጀት ከእኛ የተሰበሰበ ነው። የተጫዋቹን ደመወዝ ከፍለናል፤ አውቶቡሱን ገዝተናል፤ ነዳጁን ሞልተናል። ከዚያ በኋላ ደግሞ ለማየት እንድንከፍል ተጠየቅን። የግል ክለብ ቢሆን አፌን እይዝ ነበር።

ሌላ አገር እንዴት አደረጉት ለሚል፦ ሕንድ በ2007 (እንደ ፈረንጆቹ) ባወጣችው ሕግ አገራዊ ጠቀሜታ አላቸው የተባሉ ውድድሮችን የገዛ የግል ጣቢያ ምስሉን ለሕዝብ ጣቢያው እንዲያጋራ ታስገድዳለች፤ ማስታወቂያው ያመጣውን ገቢ ይካፈላሉ። ብሪታንያም የዓለም ዋንጫንና የኤፍኤ ዋንጫ ፍጻሜን የመሰሉ ውድድሮች በነጻ ጣቢያ ካልታዩ አይሆንም የሚል ዝርዝር አላት። እርግጥ ነው፣ የሊግ ጨዋታዎቻቸው ዝርዝሩ ውስጥ የሉም። እኛም ሁሉም ጨዋታ በነጻ ይታይ አላልንም። ሁሉም በነጻ ከታየ የሚገዛ እንደማይኖርና ክለቦቹ ወደ ቀድሞው ድህነታቸው እንደሚመለሱ እናውቃለን።

ስለዚህ የምንጠይቀው የሚከተለውን ነው።

አዲስ በሚፈረመው ውል ውስጥ ከእያንዳንዱ ሳምንት ቢያንስ አንድ ጨዋታ በነጻ ጣቢያ፣ በቀጥታ ይታይ። የትኛው ጨዋታ እንደሚሆን ለገዢው ጣቢያ ብቻ አይተው፤ በዓመት ውስጥ እያንዳንዱ ክለብ ቢያንስ ሁለት ጊዜ የሚደርሰው ተራ ይውጣለት። ገዢው ዋጋ ይቀንሳል ካለ ምን ያህል እንደሚቀንስ ይነገረን፤ ቁጥሩን ሳናየው «አይሆንም» መባል ሰልችቶናል።

በቀጥታ የማይታዩትን ጨዋታዎች ጎልና ዋና ዋና ክስተት በዚያው ምሽት ነጻ ጣቢያዎች እንዲያሳዩ ይፈቀድ። አምስት ደቂቃ ይበቃናል። ጎረቤታችን ያሉት እናት ደግሞ ሁለት ደቂቃም ይበቃቸዋል፣ ልጁ ከገባ።

የብሔራዊ ቡድኑ፣ የወንዶቹም የሉሲዎቹም፣ የማጣሪያ ጨዋታዎች በነጻ እንዲታዩ የሚያስገድድ መመሪያ ስርጭትን የሚቆጣጠረው አካል ያውጣ። ቢያንስ «የሜዳችን» ተብለው ሰው አገር ለሚደረጉት።

የእያንዳንዱ ሳምንት ጨዋታ በየትኛው ቻናል፣ በስንት ሰዓት፣ በሬዲዮስ በየትኛው ሞገድ እንደሚተላለፍ ሰኞ ጠዋት በአንድ ገጽ ይውጣ። ይህ አንድ ሳንቲም አያስወጣም። አሁን ይህንን መረጃ የምናገኘው ከዲኤስቲቪ ቤቱ ደጅ ላይ በጠመኔ ከሚጻፈው ሰሌዳ ነው፤ እሱም የሚጽፈው እንግሊዝን ብቻ ነው።

ሊጉ በጥቂት ከተሞች መሰብሰቡ የሚቀጥል ከሆነ ደግሞ ክለቡ ከከተማው በራቀባቸው ወራት የከተማው አስተዳደር በአዳራሽ ወይም በአደባባይ በትልቅ ስክሪን እንዲያሳይ ውሉ ይፍቀድለት። አዳራሹ አለን፤ ወንበሩም አለ። መብራት ቢሄድ ጄነሬተሩን እኛ እናዋጣለን።

መልሳችሁን በጽሑፍ እንጠብቃለን። ሆሳዕና ድረስ መጥታችሁ ብታናግሩን ደግሞ ቀኑን ቀድማችሁ አሳውቁን፤ በጨዋታ ቀን እንዳይሆን፣ ሚኒባስ እንኮናተር ይሆናል።

ከአክብሮት ጋር

የአንድ ሠፈር የክለብ ደጋፊዎች አስተባባሪና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህር
ሆሳዕና፣ ሚያዝያ 2017 ዓ.ም.